በጓሮ በር ስለ ገባ አስተማሪ

ፍርድ አስቸጋሪ የሚሆነው በዳይና ተበዳይ በአንድ ችሎት ፊት ለፊት ሲቆሙ አይደለም፤ ያን ጊዜስ አስተዋይ ዳኛ የሁለቱንም ቃል ሰምቶ፥ ምስክር ጠይቆ፥ እውነት ላለው ይፈርዳል። አስቸጋሪ የሚሆነው ሁለት ንጹሓን በአንድ ነገር ላይ ሲከራከሩና፥ ጥፋቱን ያደረገው ሦስተኛው ሰው ወደ ችሎቱ ሳይጠራ ሲቀር ነው። ለዚህ ምሳሌ የሚሆነኝን ጉዳይ ሰዎች ብዙ ጊዜ አያነሡትም፤ ይኸውም ያለ ደንብ የተቀጠሩ የትምህርት ቤት ሠራተኞች «ብዙ ዓመት አገልግለናልና ቋሚ የመንግሥት ሠራተኞች አድርጉን» ብለው በፍርድ ቤት የሚያቀርቡት ክስ ነው።

ምሳሌውን የማመጣው ከህንድ አገር ነው። የህንድ አስተማሪ ለኢትዮጵያውያን እንግዳ አይደለም፤ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመንና ከዚያም በኋላ ብዙ የህንድ መምህራን በከተማውም በአውራጃውም ትምህርት ቤት ቆመው ሒሳብና ሳይንስ አስተምረዋል። ዳሩ ግን በገዛ አገራቸው ትምህርት ቤቶች ውስጥ ስለ ቅጥር የሚደረገውን ክርክር የሰማን ጥቂቶች ነን። (ዓመቶቹን የምጽፈው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው፤ የኢትዮጵያ ሲሆን ለይቼ እናገራለሁ።)

ነገሩ እንዲህ ነው። ኡታር ፕራዴሽ በሚባለው፥ በህንድ ውስጥ ብዙ ሕዝብ በሚኖርበት ክፍለ ሀገር፥ ለአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የሚበቃ አስተማሪ አልነበረም። መንግሥቱም በ1999 አንድ ዘዴ አወጣ። በየመንደሩ 12ኛ ክፍል የጨረሱ ወጣቶች በመንደሩ ሸንጎ እየተመረጡ በ11 ወር ውል እንዲያስተምሩ፥ ደመወዝ ሳይሆን አነስተኛ የድጎማ ገንዘብ እንዲከፈላቸው አደረገ። ስማቸውንም «ሺክሻ ሚትራ» አላቸው፤ ትርጓሜውም የትምህርት ወዳጅ ማለት ነው።

ወጣቶች አንባቢዎቼ ሆይ፥ ስሙን ልብ ብላችሁ ተመልከቱት። ወዳጅ ደመወዝ አይጠይቅም፤ ለወዳጅ ጡረታ አይቆጠርለትም፤ ወዳጅ ሲሰናበትም ማስጠንቀቂያ አያሻውም። ለሰው መልካም ስም ማውጣት መልካም ደመወዝ ከመክፈል ይረክሳልና፥ ቀጣሪዎች በዚህ ነገር ለጋሶች ናቸው። የውሉም ዘመን እንደዚሁ ነው። 11 ወር ዓመት አይሞላም፤ ስለዚህ በወረቀቱ ላይ ሲታይ ዓመት ሙሉ ያገለገለ ማንም የለም። በክፍሉ ውስጥ ግን ያው ሰው፥ በዚያው ጥቁር ሰሌዳ ፊት፥ በየዓመቱ ይቆማል።

እንግዲህ ከነዚህ መንደሮች በአንዱ የምትኖር አንዲት ልጅ በሐሳባችን እናስብ። ሃያ ዓመት ሲሆናት ተመረጠች። በማለዳ ተነሥታ ክፍሉን ትጠርጋለች፤ ሕፃናቱን ከየቤቱ ትሰበስባለች፤ ፊደል ታስቆጥራለች። ቋሚው አስተማሪ ለጉዳዩ ወደ ከተማ በሄደ ጊዜ የእርሱንም ክፍል ደርባ ትይዛለች። እንዲህ ስትል 15 ዓመት ሆናት። መጀመሪያ ያስተማረቻቸው ልጆች አግብተዋል። ሌላ ሙያ ልትማርበት ትችል የነበረው ዕድሜዋ በዚያ ክፍል ውስጥ አልቋል። በየዓመቱም የሚመጣው ሹም «ትንሽ ታገሡ፥ ቋሚ ትሆናላችሁ» ይላታል።

ከእርሷ መንደር ጥቂት ራቅ ብሎ ደግሞ አንድ ልጅ ነበረ እንበል። እርሱም በዚያው ዓመት ትምህርቱን ጨርሷል፤ ነገር ግን በመንደሩ ምርጫ ጊዜ ስሙን የሚያነሣለት ዘመድ ስላልነበረው ማንም አልጠራውም። ቀን የሰው እርሻ እየሠራ፥ ማታ በፋኖስ እያጠና፥ የመምህራን ማሠልጠኛ ገባ፤ ሕጉ የሚጠይቀውንም ፈተና አለፈ። ከዚያ ወዲህ ክፍት የሥራ ቦታ ማስታወቂያ እስኪወጣ ድረስ ጋዜጣ ይገልጣል። የቆየ ከሚስቱ ይወልዳል ይባላል፤ እነዚህ ግን ሁለቱም ቆይተዋል፥ የሚጠብቁት ወንበር ግን አንድ ነው።

በ2014 የክፍለ ሀገሩ መንግሥት ሺክሻ ሚትራዎቹን ቋሚ አስተማሪ ለማድረግ ወሰነ። ቁጥራቸው 178,000 ያህል ነበር። ብዙዎቹ ቋሚ ተብለው ሙሉ ደመወዝ መቀበል እንደ ጀመሩ፥ ፈተናውን ያለፉና ቦታ የሚጠብቁ ሌሎች ከሰሱ። የአላሃባድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2015 ቅጥሩን አፈረሰው፤ የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም ሐምሌ ወር ውስጥ በ2017 ያንኑ አጸና። ምክንያቱ ሁለት ነበር። አንደኛው፥ ሠራተኞቹ በግልጽ ውድድር አልገቡም፥ ሕጉ የሚጠይቀውንም የአስተማሪነት ብቃት አላሟሉም። ሁለተኛው፥ ከ6 እስከ 14 ዓመት ያለው ሕፃን ሁሉ ብቃት ባለው አስተማሪ የመማር መብት አለው። ዳኞቹ ግን ፈጽመው ባዶ እጃቸውን አልሰደዷቸውም፤ ዕድሜያቸው ሳይታይ፥ ላገለገሉበትም ዘመን ነጥብ ተጨምሮላቸው፥ በሚመጡት ሁለት ምልመላዎች እንዲወዳደሩ ፈቀዱላቸው። ከዚያ በኋላ የቋሚ አስተማሪ ደመወዝ ቀምሰው የነበሩት በወር ወደ 10,000 ሩፒ ድጎማ ወረዱ።

ይህን የሰማ ሰው ልቡ አስቀድሞ ወደ ሴቲቱ ያደላል። የእኔም አድልቷል። የማያደላ ልብ የድንጋይ ነው። ነገር ግን ልባችን ወደ እርሷ ያደላበትን ምክንያት እንመርምር። እርሷን አየናት፤ ችሎት ፊት ቆማለች፤ ነጠላዋ አርጅቷል፥ እጇ በጠመኔ ደርቋል። ያ ልጅ ግን በችሎቱ የለም፤ ፊቱንም አላየነውም። ዳኛው ለእርሷ ራርቶ ወንበሩን ቢሰጣት የሚሰጠው ከራሱ ኪስ አይደለም፤ ከማያውቀው ሰው ድርሻ ቆርሶ ነው። በሰው ገንዘብ ቸር መሆን ደግሞ ለማንም አይከብድም።

በህንድ አገር ስለዚህ ነገር መሠረት የሆነው ፍርድ ከዚያ በፊት፥ በሚያዝያ ወር 2006 ተሰጥቷል፤ ከተከራካሪዋ በአንዷ ስም የኡማዴቪ ፍርድ ይባላል። ነገሩ የተነሣው በካርናታካ ክፍለ ሀገር በግብር መሥሪያ ቤት በቀን ሒሳብ ተቀጥረው ከ10 ዓመት በላይ ከሠሩ ሰዎች ነበር፤ ትምህርቱ ግን በየትምህርት ቤቱ ላለው አስተማሪ፥ ጸሓፊና ዘበኛ ሁሉ ደርሷል። አምስት ዳኞች ተቀምጠው እንዲህ ፈረዱ። በ1950 የጸናው የህንድ ሕገ መንግሥት በ14ኛውና በ16ኛው አንቀጹ ዜጎች ሁሉ በሕግ ፊትና በመንግሥት ሥራ ዕድል እኩል ናቸው ይላል፤ ስለዚህ ለጊዜው የተቀጠረ ሰው ብዙ ዓመት ስለ ቆየ ብቻ ቋሚ ልሁን ብሎ መብት ሊጠይቅ አይችልም፤ ፍርድ ቤትም በዚህ መንገድ የጓሮ በር መክፈት አይገባውም።

እዚህ ላይ አንድ ጥያቄ ይነሣል። ዘመን በሌላ ነገር መብት ያስገኝ የለምን? በ1952 ዓ.ም. በኢትዮጵያ አቆጣጠር የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን የማይንቀሳቀስ ንብረት ይዞ 15 ዓመት በተከታታይ ግብር የከፈለ ሰው ባለ ሀብት ይሆናል ብሎ ደንግጓል። ለቤት ይህ ከሆነ፥ ሰው ዕድሜውን ላፈሰሰበት ወንበር ስለምን አይሆንም?

እኔ ብዙ ጊዜ ሳስበው ቆይቼ ልዩነቱን ያገኘሁት በባለቤቱ ነው። የቤቱ ባለቤት የታወቀ ነው። ሌላ ሰው በንብረቱ ሲጠቀምበት እያየ 15 ዓመት ሙሉ አልተናገረም፤ ስለዚህ ዝምታው በራሱ ላይ ይፈርድበታል። የመንግሥት ሥራ ባለቤት ግን ማን ነው? ሚኒስትሩ አይደለም፤ የትምህርት ቤቱም ዳይሬክተር አይደለም። ቦታው ክፍት ሲሆን ሊወዳደሩ ይችሉ የነበሩት ሰዎች ሁሉ ናቸው። ያ በፋኖስ የሚያጠናው ልጅ ማስታወቂያ አላየም፥ ቦታ መኖሩንም አልሰማም። ያልሰማ ሰው ደግሞ ዝም አለ ተብሎ መብቱን አያጣም። ስለዚህ ዘመን ብቻውን ወንበሩን ለሴቲቱ ሊያጸናላት አይችልም፤ ይህን ማለት ቢያሳዝነኝም አምኜበታለሁ።

ነገር ግን ፍርዱ በዚህ አላበቃም፤ ብዙ ሰዎች የሚረሱት ክፍል አለው። ዳኞቹ በደንብ ጉድለትና በሕገ ወጥነት መካከል ለዩ። ቦታው በበጀት የተፈቀደና ክፍት የነበረ፥ ሰውየውም ለሥራው የሚያስፈልገው ትምህርት ያለው ከሆነ፥ የጎደለው የአቀጣጠሩ ሥርዓት ብቻ ነው። እንደዚህ ሆኖ፥ በፍርድ ቤት እግድ ተጠልሎ ሳይሆን እንዲሁ 10 ዓመትና ከዚያ በላይ የሠራ ሰው ቢገኝ፥ መንግሥት ለአንድ ጊዜ ብቻ ጉዳዩን መርምሮ ቋሚ እንዲያደርገው አዘዙ፤ ሥራውም በስድስት ወር እንዲጀመር ቀን ቆረጡ። በበሩ ተከፍቶ ያገኘው ሰውና በሩን ሰብሮ የገባው ሰው አንድ አይደሉም ማለታቸው ነው። ይህ መልካም ልዩነት ነው።

ዳሩ ግን ምን ሆነ? መሥሪያ ቤቶች ከፍርዱ የሚጠቅማቸውን ግማሽ ይዘው የሚያስከፍላቸውን ግማሽ ረሱት። በጊዜያዊነት መቅጠሩን አልተዉም፤ ሠራተኛው ሲከሳቸው ግን «በጓሮ በር የገባ ሰው መብት የለውም» ብለው ያንኑ ፍርድ ያነቡለታል። እስቲ አስቡት፤ የጓሮውን በር የከፈተ ማን ነው? ሰውየውን ጠርቶ ያስገባ፥ 10 ዓመት ያሠራ፥ በየወሩ ያስፈረመ ማን ነው? ያው አሁን «ይህ ሰው ደንብ ጥሷል» ብሎ የሚከራከረው መሥሪያ ቤት ነው። ሰው በራሱ ጥፋት እንዳይጠቀም የሚከለክለው ሕግ በትልቁም በትንሹም አገር የታወቀ ነው፤ መንግሥት ግን ጥፋቱን ጋሻ አድርጎ ይዞት ይቆማል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ራሱ በ2010 ምርመራውን ያዘገየ መሥሪያ ቤት በመዘግየቱ ሠራተኛውን መብት ሊያሳጣው አይችልም አለ። በታኅሣሥ ወር 2024ም በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ለብዙ ዓመት የጠረጉ ሴቶችና አንድ አትክልተኛ ባቀረቡት ክርክር፥ የኡማዴቪ ፍርድ የተሰጠው የጓሮ በር እንዲዘጋ እንጂ ድኻን ለማሠሪያ እንዲሆን አይደለም ሲል ወቀሰ።

እንግዲህ ለሴቲቱ ወንበሩ አይገባትም ካልን፥ ምንም አይገባትም ማለታችን ነውን? በጭራሽ አይደለም። የእኔ ሐሳብ ይህ ነው፤ ያገለገለችው 15 ዓመት እውነተኛ ዕዳ ነው፤ ወንበሩ ግን የዚያ ዕዳ መክፈያ ገንዘብ አይደለም። ባለ ዕዳው ቀጣሪው ስለ ሆነ መክፈል የሚገባው ከራሱ ነው እንጂ ከፋኖሱ ልጅ ድርሻ አይደለም። የሚከፈለውም ብዙ ነው፤ ተመሳሳይ ሥራ ለሠራ ሰው የሚገባ ተመሳሳይ ደመወዝ፥ የተቆጠረ የአገልግሎት ካሣ፥ በውድድርም ጊዜ ልምዷ የሚመዘንበት ነጥብ። በጥቅምት ወር 2016 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በፑንጃብ ክፍለ ሀገር ጉዳይ፥ ጊዜያዊ ሠራተኛ የቋሚውን ሥራ ከሠራ ቢያንስ የቋሚውን መነሻ ደመወዝ ያግኝ ብሎ ወስኗል። ይህ ውሳኔ ከሌሎቹ ሁሉ ይልቅ ወደ ሥሩ የደረሰ ይመስለኛል። ስለምን ቢሉ፥ መሥሪያ ቤት በጓሮ በር የሚቀጥረው ሰውን ስለ ጠላ ወይም ስለ ወደደ አይደለም፤ ስለሚረክስለት ነው። ጊዜያዊው ሠራተኛ እንደ ቋሚው የሚያስከፍል ቢሆን ኖሮ፥ በጓሮ የሚያስገባበት ምክንያት ምን ይቀርለት ነበር?

እናንተም ነገ ሥራ ፈላጊዎች ናችሁና ይህ ነገር ከእናንተ የራቀ አይደለም። አንድ ቀን አንድ ሰው ይመጣና «አሁን ዝም ብለህ ግባ፤ ወረቀቱ በኋላ ይስተካከላል» ይላችኋል። ይህን የሚለው ሁልጊዜ ክፉ ሰው አይደለም፤ አንዳንዴ አጎት ነው፥ አንዳንዴም በእውነት የሚያዝን ዳይሬክተር ነው። የራበው ሰው ሲገባ አልፈርድበትም። ነገር ግን ሲገባ ማን እንዳስገባው፥ በምን ቃልም እንዳስገባው ጽፎ ይያዝ፤ በኋላ «ማን ጠራህ?» የሚለው ያው የጠራው ሰው ነውና።

እስካሁን የተናገርሁት በጓሮ ስለ ገቡት ነው። በፊት ለፊት በር ገብተውስ የሚወጡ አሉ፤ ነገሩም ከዚህ ይልቅ መራራ ነው። በምዕራብ ቤንጋል ክፍለ ሀገር በ2016 ለመንግሥት ትምህርት ቤቶች አስተማሪዎችና ሌሎች ሠራተኞች ፈተና ተደረገ። ከ2 ሚሊዮን የሚበልጡ ሰዎች ለ25,000 ያህል ቦታ ተወዳደሩ። በኋላ ሲመረመር የመልስ ወረቀቶች ነጥብ ተለውጦ፥ ተራ ተዛውሮ፥ በዝርዝሩ ውስጥ ያልነበረ ሰው ተቀጥሮ ተገኘ። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የሚለው ተረት የእኛ ነው፤ ሥራው ግን የየአገሩ ነው። የክፍለ ሀገሩ የትምህርት ሚኒስትር የነበረውም ሰው በ2022 ተይዞ ታስሮ ተከሰሰ። ስለዚህ በዚህ ጉዳይ ሦስተኛው ሰው አልተጠራም ልል አልችልም፤ ተጠርቷል፥ ነገር ግን ወደ ሌላ ችሎት ነው፤ አስተማሪዎቹ ያጡትንም ከእርሱ አያገኙትም።

ሚያዝያ 3 ቀን 2025 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ከ25,700 የሚበልጠውን ቅጥር በሙሉ ሰረዘ። ከእነዚህ ውስጥ በማታለል የገቡ እንዳሉ ተረጋግጧል፤ እነርሱ የተቀበሉትን ደመወዝ እንዲመልሱ ታዘዙ። የቀሩት ግን ጥፋት አልተገኘባቸውም፤ ደመወዝም መልሱ አልተባሉም። ታዲያ ስለምን ተሰረዙ? ፈተናውን ያካሄደው ክፍል ዋናዎቹን የመልስ ወረቀቶች ስላጠፋቸው ነው። ስንዴውን ከእንክርዳዱ የሚለይበት ወንፊት ጠፍቷልና፥ ዳኞቹ ክምሩን በሙሉ ደፉት።

ይህን ፍርድ ግፍ ነው ልል አልደፍርም። የተበላሸ ፈተና ቢጸና፥ እነዚያ ሳይገባቸው የወደቁት ብዙ ሺህ ሰዎች ለሁለተኛ ጊዜ ይወድቃሉ። ሙሉ ፍርድ ነው ልልም አልችልም። በራሱ እጅ መልሶ ያለፈ አስተማሪ የንጽሕናው ማስረጃ አንድ ወረቀት ነበር፤ ያንን ወረቀት እንዲጠብቅ አደራ የተሰጠው መሥሪያ ቤት አጠፋው፤ የጠፋበትንም ዋጋ የከፈለው አስተማሪው ነው። በመንደር እንኳ የአደራ ዕቃ የጠፋበት ሰው ዕቃውን ይከፍላል እንጂ ባለ ዕቃውን ሌባ አያሰኝም።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ትምህርት ቤቶቹ ባዶ እንዳይሆኑ ሲባል፥ ያልተበከሉት አስተማሪዎች እስከ ታኅሣሥ 31 ቀን 2025 ድረስ እንዲያስተምሩ፥ በዚያ መካከልም አዲስ ፈተና እንዲደረግ ተፈቀደ። ለጸሓፊዎቹ፥ ለተላላኪዎቹና ለሌሎቹ የትምህርት ቤት ሠራተኞች ግን ይህ አልተፈቀደም፤ ከእነርሱ መካከል የተበከሉት ቁጥር እጅግ ብዙ ነው ተባለ። አስተማሪውን ለጊዜው ያዳነው የተማሪዎቹ ችግር ነው፤ ያለ አስተማሪ መቀመጥ አይችሉምና። ያለ ተላላኪ ግን ይቀመጣሉ። ከነዚያ ተላላኪዎች አንዱ ፈተናውን በገዛ እጁ የመለሰ ቢሆንና፥ ጎረቤቶቼ ብዙ ስለ ሆኑ እኔ ስለምን እወጣለሁ ብሎ ቢጠይቀኝ፥ የምመልስለትን ፈልጌ አላገኘሁም።